ሰባተኛዋ ስፌት

የካቲት 2፣ ሰኞ

ጸሎቴን አድርሼ ወጣሁ። ጉልበቴ ዛሬም ከእኔ ቀድሞ አጉረመረመ። ሥራ እንደ ወትሮው... አርባ አንሶላ፣ ስልሳ ፎጣ፣ አንድ የጠፋ የትራስ ልብስ። ቆይቶ ማሽኑ ሆድ ውስጥ ተገኘ።

በሆቴሉ ላውንደሪ ሦስት ነን። እኔ፣ ተኳሿና ማሽኑ። ተኳሿን ሆቴሉ በሙሉ ‘ካውያ’ ነው የሚላት። እጇም ምላሷም ትኩስ ነው። እኔ እህቴ እላታለሁ። ማሽኑን ምን እንደምለው እዚህ አልጽፍም፤ ንስሐ ያስገባል።

የአራተኛ ፎቅ አንሶላዎች ክራቸው እየለቀቀ ስለሆነ ሳድስ ዋልኩ። ባለቤቴ የጀመረችው ነገር ነው። እሷ እዚሁ ሰፊ ሳለች፣ ግማሾቻችን ማንበብ ሳንችል። ለአንደኛ ፎቅ ቀይ ክር፣ ለሁለተኛ ሰማያዊ፣ ለሦስተኛ አረንጓዴ፣ ለአራተኛ ቢጫ። የክፍሉ ቁጥር ደግሞ በስፌቱ ብዛት። ጥጉ ላይ ሁለት ቢጫ ስፌት ካየህ፣ አራተኛ ፎቅ ክፍል ሁለት ነው። አለቀ። በሃያ ሁለት ዓመት አንድ ፎጣ መንገድ ስቶ አያውቅም። እሷ ካረፈች ሁለት ዓመት ሆናት። ክሯ ግን እስከ ዛሬ ሥራ ላይ ነው።

ከሰዓት በኋላ ማናጀሩ ምድር ቤት ድረስ ወረደ። እሱ ሲወርድ ወይ ቧንቧ ፈንድቷል ወይ ሐሳብ መጥቶለታል። ቧንቧውን አየሁት... ደህና ነው።

የካቲት 4፣ ረቡዕ

ሐሳቡ ተለጠፈ። በመጋቢት የውጭ እንግዶች ለስብሰባ ይመጣሉ። ስለዚህ ሠራተኛው በሙሉ፣ ከዘበኛ እስከ ሳህን አጣቢ፣ እንግሊዝኛ ይሠለጥናል። ከዚያ ፈተና። ከአሥር ስድስት ያላመጣ፣ በመጋቢት መጨረሻ ውሉ አይታደስም።

ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ምናልባት ‘ከሃምሳ ዓመት በታች ላሉ’ የሚል ይኖር ይሆናል ብዬ። የለም።

እኔ ከስድስተኛ ክፍል ነው የወጣሁት። የእንግሊዝ ፊደላትን አንድ በአንድ አውቃቸዋለሁ። የማላውቃቸው ሲገናኙ ነው።

ጡረታዬ ሊደርስ ሁለት ዓመት ቀርቶታል። ግን እውነቱን ልጻፍ፣ ማንም አያየውም... የፈራሁት ጡረታውን አይደለም። ቤቱን ነው። ቀኑን ሙሉ እዚያ ቤት ምን እሠራለሁ? ግድግዳውን ቆጥሬ ጨርሻለሁ። ምድር ቤት ግን በሄድኩበት የእሷ ስፌት አለ።

የካቲት 9፣ ሰኞ

አሠልጣኙ መጣ። ጠባብ ሱሪ፣ ሰፊ ተስፋ። አርባ ስድስታችንንም ምግብ አዳራሽ ሰብስቦ፣

‘እንግሊዝኛ ብዙ ሺህ ግስ አለው። እኔ የማስተምራችሁ አንዱን ብቻ ነው። ጌት! ጌትን የያዘ የእንግሊዝኛን ግማሽ ያዘ!’

ዘበኛው ከኋላ፣ ‘ጌቶች፣ ታዲያ ግማሹን እርስዎ ያዙልን!’

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። አሠልጣኙ ከዚያ ወዲያ ጌቶች ሆኖ ቀረ። ራሱም ደስ ያለው መሰለኝ።

ይህ ጌት የሚባል ግስ ጉድ ነው። ደብዳቤ ሲደርስህ ጌት። ስታረጅ ጌት። ቤት ስትገባ ጌት። ነገሩ ሲገባህ ጌት። ከአልጋ ስትነሣም፣ ጉንፋን ሲይዝህም፣ ስታገባም ጌት። አሳዘነኝ። አንድ ሠራተኛ ቀጥረው የአርባ ሰው ሥራ ያሸክሙታል። እንግሊዞች ከኛ ማናጀር የተማሩ ነው የሚመስለው... ወይስ እሱ ከነሱ?

ካውያ እጇን አወጣች። ‘ይቅርታ፣ ታዲያ ብቻውን ሲሆን ምን ማለት ነው?’

ጌቶች ትንሽ አሰበ። ‘ብቻውን... ይህን ያህል ምንም አይደለም። ከጎኑ ባለው ነው የሚታወቀው።’

ወደ እኔ ዞራ በጆሮዬ፣ ‘እንደ ወንድ ነዋ ጋሼ!’

ሳቄን በመሐረቤ ያዝኩት። ቤት ስገባ ግን ቃሉ ተከትሎኝ ገባ። ብቻውን ምንም አይደለም...

የካቲት 11፣ ረቡዕ

ዛሬ የአራዳ እንግሊዝኛ ነበር። ጌቶች እንደሚለው እንግዶች የሚናገሩት የመጽሐፉን ሳይሆን የመንገዱን ነው። ‘ጌት ሎስት’፣ ከዓይኔ ጥፋ። ‘ጌት ሪል’፣ አትቃዥ። ‘ጌት አ ላይፍ’፣ የሰውን ትተህ የራስህን ኑር። የሆቴል ሠራተኛ ይህን ለእንግዳ መቼ እንደሚለው አልገባኝም። ጠይቄ ጊዜ ላለማባከን ተውኩት።

ከዚያ ‘ጌት ኦቨር ኢት’። ጌቶች ወንበር አስተኝቶ በላዩ ተራመደ። ‘ሐዘን ሊሆን ይችላል፣ ሕመም ሊሆን ይችላል፣ ጸብም። ሰው ከዚያ ቀስ እያለ ሲነሣ፣ እየተሻለው ሲሄድ። ለሰው ሲነገር ደግሞ፣ በቃ ተሻገረው!’

ሰው ሁሉ ዞሮ ያየኝ መሰለኝ። ላያየኝም ይችላል። ካውያ ግን መሬት መሬት አየች።

እኛ ሰው የሞተበትን ‘ያጽናህ’ ነው የምንለው። ባለህበት ቁም፣ አትውደቅ፣ ነው። እነሱ ተሻገር ይላሉ። ወዴት? ማዶው የት ነው?

የካቲት 15፣ እሑድ

ልጄ መጣች። እንደ ልማዷ ከተቀመጠች አምስት ደቂቃ ሳይሞላ የእናቷን ቁም ሳጥን ከፍታ ቆመች።

‘አባዬ፣ እነዚህን ልብሶች መቼ ነው የምናወጣው? ሁለት ዓመት እኮ ሆነ።’

‘ጌት ኦቨር ኢት ልትይኝ ነው?’

ዓይኗ ፈጠጠ። ከዚያ ሆዷን ይዛ ሳቀች። ‘አባዬ! ማን አስተማረህ?’

‘ጌቶች።’

ስትስቅ እናቷን ነው የምትመስለው። ሳቋ ሲያልቅ አንዱን ሹራብ አንስታ አሸተተችና ቁም ሳጥኑን መልሳ ዘጋችው። እሷም አላወጣችም። ስትሄድ፣ ‘በራስህ ጊዜ፣ አባዬ’ አለችኝ።

የካቲት 18፣ ረቡዕ

ሆቴሉ ለይቶለታል። ወጥ ቤት ሾርባው ‘ጌት አለ’ ይላሉ፤ በሰለ ይሁን አረረ የሚታወቀው ሲቀመስ ነው። ሪሴፕሽኗ ማናጀሩን ‘ጌት ሂም’ ብላ አስጠራችው፤ እሱም በኩራት መጣ። ዘበኛው ደግሞ ‘ጌት ሎስት’ን ወዶታል። ደንበኛ ሲሸኝ ኮፍያውን አንስቶ፣ ፈገግ ብሎ፣ ‘ጌት ሎስት!’ ትርጉሙ እንዳልሆነ ነገርኩት።

‘ወንድሜ፣ ቃሉን ተወው፤ ፊታቸውን እይ። የከፋው ሰው አለ?’

የለም። ሁሉም እጁን እያወዛወዘ ነው የሚሄደው።

የካቲት 24፣ ማክሰኞ

በምሳ ሰዓት ከካውያ ጋር አጠናን። ቃሉን በጠመኔ መተኮሻው ጨርቅ ላይ ትጽፈዋለች፣ አንዴ ጮክ ብላ ታነበዋለች፣ ከዚያ ካውያውን ታሳርፍበታለች። ሲጠፋ ማስታወስ አለብን። እሷ ዛሬ አምስት አስታወሰች። እኔ ሦስት። ከሦስቱ አንዱ ‘ጌት’ ራሱ ነው።

‘አይዞዎት ጋሼ። ጭንቅላትዎ ክፍል ሞልቶበት ነው። አራት ፎቅ ሙሉ ይዘው የት ያስገቡት?’

እኔን ታጽናናለች። ልጇን ብቻዋን የምታሳድገው እሷ፣ ይህ ሥራ ቢያልቅባት ሌላ መግቢያ የሌላት እሷ። እኔ ደግሞ በልቤ ምን አልኩ? እሷ አልፋ እኔ ብወድቅስ... የላውንደሪው ኃላፊ እኔ አይደለሁም? እንዲህ አልኩ። ጽፌዋለሁ፣ አልሰርዘውም።

የካቲት 27፣ ዓርብ

ወጥ ቤቶች ትናንት ተፈተኑ። ፈተናው ለሁሉም አንድ ነው፤ ጌቶች ሌላ ለማውጣት ታክቶታል። ሲጨርሱ መልሱን አነበበላቸው። ዘበኛው በር ላይ ቆሞ ነበር። የቆመው ለጥበቃ ነው።

ዛሬ ዩኒፎርሙን በእጁ አንጠልጥሎ መጣ። ግራ ቀኝ አይቶ የተጣጠፈ ወረቀት አወጣ። አንድ ሀ፣ ሁለት መ፣ ሦስት መ፣ አራት ለ... እስከ አሥር።

‘ወንድሜ፣ ለአንተ ብቻ ነው። እንደ ወንድሜ ስለማይህ። ለማንም ትንፍሽ እንዳትል።’

‘አልፈልግም’ አልኩት።

‘በምትኩ ዩኒፎርሜን አስቀድምልኝ። ሌላ ምንም አልልህም።’

‘አልፈልግም አልኩህ እኮ።’

ሄደ። አልፈልግም አልኩ እንጂ ወረቀቱን አልመለስኩለትም። ዩኒፎርሙንም አስቀደምኩለት።

የካቲት 29፣ እሑድ

ከጸሎት መልስ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ የባለቤቴን የብስኩት ቆርቆሮ ከፈትኩ። ክሮቿ እንደነበሩ ናቸው።

ወረቀት ማስገባት ክልክል ነው። ኪስ ይፈተሻል። ጭንቅላቴም አይዝም። ግን ምርጫው አራት ነው... ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ። ፎቁም አራት ነው። ቀይ፣ ሰማያዊ፣ አረንጓዴ፣ ቢጫ። በኮቴ ግራ እጅጌ ገበር ላይ አሥር ስፌት በተርታ። አንድ ቀይ፣ ሁለት ቢጫ፣ አንድ ሰማያዊ... ሃያ ሁለት ዓመት ያነበብኩትን ፊደል ማን ይነጥቀኛል?

ክሩን በመርፌው ለማሾለክ ሰባት ጊዜ ሞከርኩ። እግዚአብሔር ጊዜ እየሰጠኝ ይሆን? በስምንተኛው ገባ።

መጋቢት 1፣ ማክሰኞ

ተፈተንን። እጅጌዬን ገለጥ እያደረግሁ ጻፍኩ። የሚያየኝ አልነበረም፤ ሁሉም በራሱ ወረቀት ተጠምዷል። አንዱ መዳፉን ያያል፣ አንዱ ጫማውን ያስራል። አጠገቤ ካውያ ብቻ ጣሪያ ጣሪያ እያየች ከንፈሯን ትነክሳለች።

ሰባተኛው ላይ ቆምኩ። ‘ጌት ኦቨር’። ሀ መዝለል። ለ መርሳት። ሐ ከሐዘን ወይም ከሕመም ቀስ በቀስ መነሣት። መ መጨረስ።

ይህን አውቀዋለሁ! ከአሥሩ ሁሉ ይህን አንዱን አውቀዋለሁ። ሦስት ሳምንት አብሮኝ ያደረ ነው። ሐ ነው። አረንጓዴ። እጅጌዬን ገለጥኩ... ቢጫ።

ቢጫውን ጻፍኩ። መ።

ሁለት ዓመት የኖርኩትን ትቼ ዘበኛው የጻፈውን አመንኩ።

ዘጠነኛው ‘ጌት አዌይ ዊዝ ኢት’ ነበር። ጥፋት ሠርቶ ሳይያዙ ማምለጥ። ይህንንም ከእጅጌዬ ገለበጥኩት።

መጋቢት 4፣ ዓርብ

ውጤትና መልስ ተለጠፈ። እኔ ዘጠኝ። ካውያ አምስት።

ማናጀሩ ምድር ቤት ወርዶ አቀፈኝ። ‘አባባ! በሃምሳ ስምንት ዓመትዎ! እርስዎ ለወጣቱ መማሪያ ነዎት!’ በሰርተፍኬቱ ቀን፣ መጋቢት 17፣ በቦርዱ ፊት በሠራተኛው ስም ንግግር አደርጋለሁ። ጌቶችም እየተፍለቀለቀ፣ ‘ፋዘር፣ ሰባተኛዋ ባትከብድዎ አሥር ነበሩ። እሷ ሁሉንም ጥላለች’ አለኝ።

እውነቱን ነው። ዝርዝሩን አየሁት። ዘጠኝ፣ ዘጠኝ፣ ዘጠኝ፣ ዘጠኝ... ሁሉም ሰባተኛውን ስቷል። ሰው ሲያጠና እንዲህ ነው። ከዚህ ሁሉ ጎበዝ መካከል ሌባው እኔ ብቻ ነኝ።

ሰባተኛውን ያገኘችው ካውያ ብቻ ናት።

‘እንዴት አወቅሽው?’ አልኳት።

ካውያውን ብድግ አደረገች። ‘እርስዎን ሳይ ነዋ፣ ጋሼ። የረሱ አይመስሉም፤ የዘለሉም አይመስሉም። ግን እየተነሡ ነው። እንግዲህ ይኼው ይሆናል ብዬ ሐን ጻፍኩ።’ ከዚያ፣ ‘እንኳን ደስ አለዎት’ ብላ ወደ አንሶላዋ ተመለሰች። ውሏ እንደሚያልቅ አንዲት ቃል አላነሣችም።

መጋቢት 8፣ ማክሰኞ

እንግዶቹ ገቡ። አሥራ ሁለት ናቸው። ጌቶች አዲስ ከረቫት አስሮ በር ላይ ጠበቃቸው። ገና አፉን ሲከፍት እርስ በርስ ተያዩ። እንደገና ሞከረ። ራሳቸውን ነቀነቁ... አንድም እንግሊዝኛ የሚሰማ የለም! የሚናገሩት ሌላ ቋንቋ ነው። የት እንዳለ የማናውቀው አገር፣ ምን እንደሆነ የማናውቀው ቋንቋ። ማናጀሩ ‘ጮክ ብለህ በለው’ ይለዋል። ጌቶች ጮኸ። አንዱ እንግዳ ደንግጦ ሻንጣውን አቀፈ።

ዘበኛው ግን ኮፍያውን አንስቶ፣ ‘ጌት ሎስት!’ ሲላቸው ሁሉም ተራ በተራ ጨበጡት።

ከሰዓት በኋላ አንድ ሽማግሌ እንግዳ ራሱ ምድር ቤት ወረደ። በአንድ እጁ ሸሚዝ፣ በሌላው የወለቀ ቁልፍ። ቤቱ እሳት የተነሣበት ሰው ነው የሚመስለው። ካውያ ሸሚዙን ተቀበለችው። የእጅ ሰዓቱን በጣቷ ነካች። አምስት ጣት አሳያት። አምስት ሰዓት? ራሱን ነቀነቀ፣ ጣቶቹን ደጋገመ። አምስት ደቂቃ! ሳቀች። እሱም ሳቀ። ቁልፉን ስትተክል፣ ስትተኩስ፣ ትከሻው ላይ ስታለብሰው... ስድስት ደቂቃ። በአገሩ ደንብ ይሁን በገዛ ፈቃዱ አላውቅም፣ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳት።

በዚህ ሆቴል የእንግዶቹ ነገር የገባት እሷ ብቻ ናት። የምትባረረውም እሷ ናት።

መጋቢት 10፣ ሐሙስ

ይህንንም ልጻፈው።

ለሰርተፍኬቱ ቀን ኮቴን እንድትተኩስልኝ ሰጠኋት። እንዲያው ሰጠኋት! ሰው ራሱን እንዲህ ይረሳል? ወይስ ውስጤ ያለው እንዲታይ ፈልጎ ነው?

ለመተኮስ እጅጌውን ገለበጠችው። እሷም እንደኔ ሃያ ዓመት ክር ያነበበች ናት። ጣቷን በስፌቱ ላይ አስኬደችው።

‘ጋሼ... ይህ ኮት የየትኛው ክፍል ነው?’

አንድ አንሶላ አንስቼ ማጠፍ ጀመርኩ።

‘ቀይ፣ ቢጫ፣ ቢጫ፣ ሰማያዊ... እንዲህ ያለ ክፍል የለንም።’ ደግማ ቆጠረች። ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ አየሁት... ሀ፣ መ፣ መ፣ ለ። የተለጠፈውን መልስ ታስታውሰዋለች፤ የወደቀችበት ነው። ሰባተኛው ላይ ስትደርስ ጣቷ ቆመ። ቀና ብላ አየችኝ።

ትጮኻለች ብዬ ጠበቅሁ። ያቺ ምላሰኛ፣ ማናጀሩን ፊት ለፊት የምትናገረው። እሷ ግን እጅጌውን መለሰችው። ኮቱን ተኩሳ፣ አቧራውን አራግፋ ሰቀለችልኝ።

ስትወጣ፣ ‘ክሩ እንዳይለቅብዎ ቀስ አድርጌ ነው የተኮስኩት’ አለችኝ።

ብትሰድበኝ ምን ነበረበት?

መጋቢት 11፣ ዓርብ

ጸሎቴ መሐል ላይ ቆመ። ‘ይቅር በለን’ የሚለው ላይ ስደርስ ተነሣሁ። ማንን ነው ይቅር በለን የምለው? ይቅርታ የምትጠየቀውማ ምድር ቤት ቆማ እየተኮሰች ናት።

መጋቢት 14፣ ሰኞ

ማናጀሩ ቢሮ ወጣሁ። ሁሉንም ነገርኩት። የዘበኛውን ነገር ብቻ ተውኩ፤ የሰው ኃጢአት ለራሱ። እጅጌዬንም አሳየሁት።

ስፌቱን በመነጽሩ አየ። ‘ይህን ራስዎ ነው የሰፉት?’

‘ራሴ ነኝ።’

‘ጎበዝ ነዎት!’

‘ጌታዬ፣ ሰረቅሁ ነው የምልዎት።’

‘አባባ፣ ሪፖርቱ ለቦርዱ ሄዷል። ሠራተኛው ዘጠና ስምንት በመቶ አልፏል ብያለሁ። አሁን እርስዎ ከወደቁ ዘጠና ስድስት ሊሆን ነው?’

‘እሷን ያሳልፏትና ዘጠና ስምንቱ ይሞላል።’

ሳቀ። የቀለድኩ መስሎታል። ‘አባባ፣ ጥሩ ሰው ነዎት። ይህን ነገር... እንዴት ነበር የሚሉት? ጌት ኦቨር ኢት!’ ብሎ በሩን ከፈተልኝ።

ይህን ቃል ባመጡት ላይ ጌታ ይፍረድባቸው። ሙት ላይም እሱ ነው፣ ሌብነት ላይም እሱ ነው።

መጋቢት 17፣ ሐሙስ

ሆነ። በተርታ ልጻፈው።

አዳራሹ ሞልቷል። የቦርዱ ሰብሳቢ ፊት ወንበር ላይ። ሸበቶ ሴት ናቸው፣ ቦርሳቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው። ጌቶች የጻፈልኝ የእንግሊዝኛ ንግግር በኪሴ አለ። በአምስት መስመር አሥራ አንድ ጌት አለው። ማናጀሩ ስሜን ጠርቶ አጨበጨበ።

ወጣሁ። ኮቴን አወለቅሁ። ማናጀሩ ‘ሙቀት ነው’ ብሎ ለሰብሳቢዋ አስረዳ። እጅጌውን ገልብጬ ከፍ አደረግሁት።

‘እናንት ወንድሞቼና እህቶቼ’ አልኩ፣ በራሳችን ቋንቋ። ‘እንግሊዝኛ አልችልም። ዘጠኙን ያገኘው ይህ እጅጌ ነው። ሚስቴ ፎጣ መንገድ እንዳይስት ብላ በጀመረችው ክር እኔ ሰው አሳሳትኩበት። በዚህ ምክንያት ከኔ የተሻለች ሴት ከሥራ ልትወጣ ነው። ሰርተፍኬቱን አልወስድም። ይቅር በሉኝ። አንቺም፣ እህቴ።’

ኮቱን ለሰብሳቢዋ ዘረጋሁላቸው።

ሰብሳቢዋ እጅጌውን ተቀብለው አዩት። ‘እንዴት ነው የሚነበበው?’ አሉ። ነገርኳቸው። ቀይ ሀ፣ ሰማያዊ ለ... ሰባተኛዋ ላይ፣ ‘ይቺ ስሕተት ናት’ አልኳቸው። ‘መ ትላለች፤ ሐ ነበረች።’

እሳቸው የውጤቱን ዝርዝር ከቦርሳቸው አወጡ። መነጽራቸውን አጠለቁ። ከላይ እስከ ታች በጣታቸው ወረዱ። ጊዜ ወሰዱ።

‘ሰባተኛውን ከአንዲት በቀር እዚህ ያለ ሰው ሁሉ ስቶታል። ሁሉም ደግሞ መ ብሎ ነው የሳተው’ አሉ። ‘ይህ ሁሉ ሕዝብ እጅጌ አለው እንዴ?’

አንድ ሰው ሳለ። ከዚያ ዋናዋ ወጥ ሠሪ ብድግ አለች። ‘እኔ ሽርጤ ላይ ነበር’ አለች፣ መሬት እያየች። ‘እኛ ወጥ ቤቶቹ ድጋሚ ነው የተፈተንነው፤ መጀመሪያ ወድቀን...’ አሳላፊው ደግሞ፣ ‘እኔ ጫማዬ ውስጥ።’ ሪሴፕሽኗ መዳፏን ዘረጋች። አንዱ ሲነሣ ሌላው። እስከ ኋላ ወንበር።

‘ግን ለእኔ ብቻ ነው ብሎኝ ነበር!’ አለ አንዱ።

‘ለእኔስ!’

‘እንዴ፣ እኔንም እንደ እህቴ ስለማይሽ ብሎኝ!’

አርባ አምስት ሰው ዞሮ ዘበኛውን አየ። ኮፍያውን ቀስ ብሎ አነሣ። ‘ሁላችሁንም እኩል ስለምወድ ነው’ አለ። ሰባተኛዋን ግን ጭራሽ አልሰማትም፤ መኪና ሲያስገባ አምልጣው በግምት ነው የሞላት።

ሰብሳቢዋ ሲስቁ ትከሻቸው ይንቀጠቀጣል። ሲያበቁ ግን ፊታቸው ተለወጠ። ‘እና በዚህ ሆቴል ሳይሰርቅ የተፈተነ ማነው?’

ሁሉም ወደ አንድ ጥግ ዞረ። መናገር አላስፈለገም። ካውያ ግድግዳው ጥግ ቆማለች፣ ክንዷን አጣምራ፣ ዓይኗ ቀልቶ።

‘እንግዲያው የሆቴሉ ከፍተኛ ውጤት አምስት ነው’ አሉ ሰብሳቢዋ፣ ወደ ማናጀሩ ዞረው። ‘ሪፖርቱን እንዲህ አድርገህ አስተካክለው።’

መጋቢት 19፣ ቅዳሜ

ደብዳቤው መጣ። ከካውያ በቀር ለሁሉም ማስጠንቀቂያ። ለእኔ ከማስጠንቀቂያው በላይ ከኃላፊነት መነሣት። የተናገርኩት እኔ ስለሆንኩ ፋይሌ የተሟላ ነው። ማናጀሩ ቃል የሚያገኝለት አያጣም፤ በአዲሱ ሪፖርት ነገሩ ‘የሠራተኞች የትብብር መንፈስ’ ሆኗል።

ውሌ ታድሷል። የካውያም።

ዛሬ ጸሎቴ እስከ መጨረሻው ሄደ።

መጋቢት 28፣ ሰኞ

የላውንደሪ ኃላፊዋ ካውያ ናት። መክፈቻውን ሳስረክባት፣ ‘ጋሼ፣ እዚያው ወንበርዎ ላይ ይቀመጡ እንጂ’ ብትለኝ እምቢ አልኳት። ወንበሩ ያንቺ ነው። ‘እንግዲያስ ይነሡና አንሶላ ይጠፉ!’ አለችኝ። ጊዜ አላባከነችም። ማሽኑንም በስሙ ጠራችው፤ የኔን ስም ሰምታ ኖሯል።

ይቅር ብላኝ ይሆን? አልጠየቅኳትም። በምሳ ሰዓት ሻይ ስትቀዳ ለእኔም ቀዳች። ለዛሬ ይበቃኛል።

ማናጀሩ ከሰዓት በኋላ ወረደ። ቧንቧውን አየሁት፣ ደህና ነው። በሚቀጥለው ወር አዲስ ሥልጠና አለ። ጌቶች ተመልሶ ይመጣል። የዚህ ዙር ግስ ‘ቴይክ’ ነው። እሱ ደግሞ ከጌትም የባሰ ብዙ ሥራ አለው አሉ። ዘበኛው ካሁኑ ዩኒፎርሙን ይዞ ሲዞር ነበር፤ ካውያ ካውያዋን ይዛ እስከ ደረጃው ሸኘችው። ‘ጌት ሎስት!’ ስትል ሰማኋት። በትክክለኛው ትርጉሙ።

ትናንት ልጄ መጥታ ነበር። ቁም ሳጥኑን እኔው ነኝ የከፈትኩት። ለእሷ የሚሆነውን ወሰደች፣ ሌላውን ለሚያስፈልገው አሰርነው። ሹራቡን አስቀረሁ። ቁም ሳጥኑ ባዶ ሲሆን ቤቱ ይፈርሳል ብዬ ነበር... አልፈረሰም። ኮቴን ሰቀልኩበት።

ዛሬ ስመለስ ያንኑ ኮት አውርጄ እጅጌውን ገለበጥኩ። ዘጠኙን ስፌት በምላጭ ፈታሁ። ሰባተኛዋንም ፈታሁ። ከዚያ ከቆርቆሮው አረንጓዴ ክር አወጣሁ። በመጀመሪያው ሙከራ ገባ። በሰባተኛዋ ቦታ፣ ብቻዋን፣ አንዲት አረንጓዴ ስፌት ሰፍቼ ቋጠርኳት።